ሠላሳ ሁለት ዓመት፣ እንኳን ተወለድሽ

ነሐሴ 4 ቀን 2016 ዓ.ም. በፓሪስ ኦሊምፒክ የወንዶች ማራቶን ሲሮጥ ታምራት ቶላ ከመነሻው የተመረጠ ሯጭ አልነበረም። ተጠባባቂ ነበር፤ ሲሳይ ለማ ተጎድቶ ሲወጣ በእሱ ቦታ ገባ። የዚያ ዕለት ጎዳና ሯጮች ከለመዱት ሜዳ ይለያል፤ አቀበቱና ቁልቁለቱ የበዛ፣ ጉልበት የሚበላ ነበር። ታምራት አቀበቱ ላይ ተፈትልኮ ወጣ፣ ከዚያ ወዲያ የደረሰበት የለም። በ2 ሰዓት ከ6 ደቂቃ ከ26 ሰከንድ ገባ፤ የኦሊምፒክ ክብረ ወሰን። ገዛኸኝ አበራ ሲድኒ ላይ ካሸነፈ ወዲህ ኢትዮጵያ የወንዶች ማራቶን ወርቅ ስትጠብቅ 24 ዓመት ሊሞላት ሁለት ወር እንኳን አልቀራትም ነበር።

በማግስቱ፣ ነሐሴ 5፣ ታምራት 33 ዓመት ሞላው።

ሠላሳን ያለፈ ሰው ሁሉ ይህን ቀን ቢያስታውሰው ደስ ይለኛል። አበበ ቢቂላም ጥቅምት 11 ቀን 1957 ዓ.ም. ቶኪዮ ላይ ለሁለተኛ ጊዜ ሲያሸንፍ 32 ዓመቱ ነበር፤ የትርፍ አንጀት ቀዶ ሕክምና ካደረገ ገና ሁለት ወር እንኳን አልሞላውም። ሕዝቡ ሮም ላይ በባዶ እግሩ የሮጠውን አበበን ይበልጥ ያስታውሳል፤ እኔ የቶኪዮውን አበልጣለሁ። ሮም ላይ ማንነቱን የሚያውቅ አልነበረም። ቶኪዮ ላይ ግን ዓለም ይጠብቀዋል፣ ሰውነቱ ገና አላገገመም፣ እሱም ይህን ሁሉ እያወቀ ነው የሮጠው። ምሩጽ ይፍጠር ደግሞ በ1972 ዓ.ም. ሞስኮ ላይ በ5 ሺህና በ10 ሺህ ሜትር ወርቅ ሲወስድ ዕድሜው ስንት እንደሆነ ጋዜጠኞች ተከራክረው መስማማት አልቻሉም። ሲጠይቁት፣ ሰው ዶሮውንም በጉንም ሊሰርቀው እንደሚችል፣ ዕድሜውን ግን ማንም እንደማይሰርቀው መለሰላቸው ይባላል።

ሯጭ ያልሆነው እኩያቸውስ? እሱ ሠላሳን ካለፈ በኋላ ልደቱ በመጣ ቁጥር ሌላ ስሌት ይጀምራል። ቤት አልሠራሁም፣ አላገባሁም፣ ልጅ አልወለድኩም፣ እገሌ መኪና ገዛ፣ እገሊት ካናዳ ገባች። ልደቱን የሚከበር ሳይሆን ሒሳብ የሚወራረድበት ቀን ያደርገዋል። በአንድ ቤት ያየሁት የልደት ቀን፣ ይህ ስሌት ምን ያህል ነገር እንደሚዘነጋ አሳይቶኛል።

የካቲት 16 ቀን 2017 ዓ.ም. እሑድ ነበር። ዕለቱ የኪዳነ ምሕረት ዓመታዊ በዓል ነው፤ ሰኞ ዐቢይ ጾም ስለሚገባ የቅበላም መጨረሻ ነው። ከሽሮ ሜዳ ሽቅብ የሚወስደው መንገድ ከእንጦጦ ኪዳነ ምሕረት በሚመለስ ባለ ነጠላ ሞልቷል። ከመንገዱ ገባ ብሎ ባለ አንድ ግቢ ውስጥ ዶሮ ወጡ ወጥቷል፣ ጥብሱ እየተንጫጫ ነው፣ ድፎ ዳቦው የኮባ ቅጠሉ ተገልጦለት ሰፌድ ላይ ተቀምጧል። ከጎኑ ከኬክ ቤት የመጣ ነጭ ኬክ አለ። ኬኩ ላይ የተሰኩት ሻማዎች ሁለት ቁጥሮች ናቸው፤ 3 እና 2።

ባለልደቷ በአንድ የግል ድርጅት የሒሳብ ሠራተኛ ናት። ሳምንቱን ሙሉ «አይሆንም» ስትል ነበር የከረመችው። «እማዬ፣ ልጅ ነኝ እንዴ? ሠላሳ ሁለት እኮ ነው! ምን ይዤ ነው የማከብረው?»

እናቷ ሽንኩርት መክተፋቸውን ሳያቆሙ መለሱላት፤ «ቀኑ ያንቺ ብቻ መሰለሽ? እኔም የተረፍኩበት ቀን ነው።»

ነገሩን የነገሩን በኋላ፣ ቡናው ሁለተኛ ሲደርስ ነው። በ1985 ዓ.ም. የኪዳነ ምሕረት በዓል የዋለው ማክሰኞ፣ ጾም በገባ በሁለተኛው ቀን ነበር። እሳቸው እሑድ ማታ ቅቤውን አሟጠው፣ ድስቱንና ሳህኑን በአመድ ፍቀው አጥበው፣ ቤቱን ለጾሙ አዘጋጅተው ተኙ። ሰኞ ሌሊት ምጡ ያዛቸው። ሐኪም ቤት ለመሄድ መኪና አልተገኘም፤ የሰፈሯ አዋላጅ ተጠርተው መጡ። ሊነጋ ሲል ሴት ልጅ ተወለደች። ከዚያ በኋላ ግን ደሙ አልቆም አላቸው።

«ዐይኔ ጨለመብኝ» አሉ። «ሰው ሲያለቅስ ይሰማኛል፤ መልስ መስጠት አልችልም። የልጅቷን ድምፅ ብቻ ነበር ለይቼ የምሰማው።»

ደሙ ረፋዱ ላይ ቆመ። አራስ ጾም የለባትምና የገንፎ ቅቤ ይፈለግ ተባለ፤ የክርስቲያኑ ቤት ሁሉ ግን ለጾሙ ቅቤውን አውጥቶ ጨርሷል። ቅቤውን በጎድጓዳ ሳህን ይዘው የመጡት የአጥር ጎረቤታቸው፣ ሙስሊሟ እትዬ ናቸው። እኚያው እትዬ ዛሬም በሶፋው ጫፍ፣ ሻሻቸውን አስረው ተቀምጠዋል። «እንዴት ያለ ለጋ ቅቤ ነበር መሰለሽ!» አሉ፤ ከሠላሳ ሁለት ዓመት በኋላም የቅቤው ነገር ያኮራቸዋል።

ባለልደቷ ይህን ታሪክ ሙሉውን የሰማችው ገና ያን ዕለት ነበር። የተወለደችበትን በዓል ታውቃለች፤ እናቷ ለሞት ቀርበው እንደነበር ግን ማንም አልነገራትም።

በአገራችን የዚህ ትውልድ ልደት ያደረው በእናቶች ትዝታ ውስጥ ነው። የልደት ወረቀት የነበራቸው ጥቂቶች ነበሩ። የወሳኝ ኩነት ምዝገባ አዋጅ ቁጥር 760 የወጣው በ2004 ዓ.ም. ነው፤ በመላ አገሪቱ ምዝገባው የተጀመረውም በ2008 ዓ.ም. መጨረሻ ነው። ዛሬ በሠላሳዎቹ መጀመሪያ ያሉት ሰዎች በዚያን ጊዜ ሃያዎቹን አጋምሰዋል ወይም እየተቃረቡ ነበር። ከዚያ በፊት የተወለዱበትን ቀን የያዙላቸው ቅዱሳኑና ዘመኑ ናቸው። በሚካኤል ከሆነ በ12፣ በገብርኤል ከሆነ በ19፣ በማርያም ከሆነ በ21። ዓመቱ ሲጠፋ ደግሞ «ደርግ ሊወድቅ ሲል»፣ «ኢሕአዴግ በገባ በዓመቱ» ይባላል። ትምህርት ቤት ሲመዘገቡ ይህ ሁሉ ወደ ቁጥር ተለወጠ፤ አንዳንዱ በትክክል፣ አንዳንዱ በግምት።

ቁጥሩም ሁለት ነው። የባለልደቷ ፓስፖርት እ.ኤ.አ. ፌብሩዋሪ 23 ቀን 1993 ይላል። በ2017 ሁለቱም ቀን በአንድ እሑድ ገጠሙ፤ በፊተኛው ዓመት ግን አልገጠሙም ነበር። 2015 ዓ.ም. ዘመነ ሉቃስ ስለነበር ጳጉሜን 6 ቀን ሆነች፣ 2016ም አንድ ቀን ዘግይታ ገባች፣ ስለዚህ የካቲት 16 የዋለው ፌብሩዋሪ 24 ላይ ነው። ያን ዓመት የሥራ ባልደረቦቿ በዋዜማው፣ እናቷ በማግስቱ «እንኳን ተወለድሽ» አሏት። ጳጉሜን 6 ለተወለደ ሰው ደግሞ የራሱ ቀን በአራት ዓመት አንዴ ነው የሚመጣው።

አገር ሲለቀቅ ነገሩ ይብሳል። ግንቦት 16 እና 17 ቀን 1983 ዓ.ም.፣ አዲስ አበባ በኢሕአዴግ እጅ ልትገባ ጥቂት ቀናት ሲቀሯት፣ ከ14 ሺህ በላይ ቤተ እስራኤላውያን በ36 ሰዓት ያህል ጊዜ ውስጥ ወደ እስራኤል ተወሰዱ። በበረራ ላይ የተወለዱ ሕፃናት ነበሩ፤ የእነሱ ልደት በታሪክ ተመዝግቧል፣ እነሱም ዛሬ ሠላሳን አልፈዋል። ከወላጆቻቸውና ከታላላቆቻቸው ግን ብዙዎቹ ቀናቸውን በግምት ነው ያስመዘገቡት፤ በስደት በሄዱ ኢትዮጵያውያን ወረቀት ላይ ጃንዋሪ 1 የሚበዛው ለዚሁ ነው። ወደ ዓረብ አገር ለሥራ ከሄዱት እኅቶቻችን መካከል ደግሞ ዕድሜያቸው በፓስፖርታቸው ላይ ከፍ ተደርጎ የተጻፈ አሉ። ሥራው አልቆ አሠሪዎቿ ሲተኙ፣ ወጥ ቤት ጥግ ሆና ከእናቷ ጋር በስልክ የምታከብረው ልደት ከወረቀቷ ዕድሜ ያነሰ ነው። እውነተኛውን የምታውቀው እናቷ ናት።

ወደ ሽሮ ሜዳው ቤት ልመለስና፣ እናቲቱ «የተረፍኩበት» ያሉት ነገር ከአንድ ቤት በላይ ነው። በ1980ዎቹ መጀመሪያ ኢትዮጵያ ውስጥ ከሚወለዱ አምስት ሕፃናት አንዱ ገደማ አምስተኛ ዓመቱን ሳያይ ይሞት ነበር። ሲወለድ የሚገመትለት አማካይ ዕድሜም 50 ዓመት እምብዛም አይደርስም፤ ዛሬ ከ65 በላይ ሆኗል። እንግዲህ በዚያ ዘመን ተወልዶ፣ ኩፍኙን፣ ወባውን፣ ተቅማጡን፣ ድርቁንና ጦርነቱን አልፎ ሠላሳ ሁለት የደረሰ ሰው «ምን ይዤ ነው የማከብረው» ሲል ስሰማ ዝም ማለት አልችልም። ከእሱ ጋር በአንድ ወር የተወለዱ፣ አንደኛ ክፍል ያልደረሱ ልጆች ነበሩ። እሱን ያደረሰው ደግሞ ማንም የማያነሣው ድካም ነው፤ የክትባት ካርድ በፌስታል ጠቅልላ ያስቀመጠች እናት፣ በእግሩ ጤና ጣቢያ ያደረሰ አባት፣ ቅቤ ይዛ የመጣች ጎረቤት።

ከምሳ በኋላ የቤቱ የንስሐ አባት መጡ። ቄሱ ጸበል ረጭተው፣ ዳቦውን ባርከው ከተቀመጡ በኋላ ስለ ዕድሜው ጠየቅኋቸው። በእኛ ቤተ ክርስቲያን ትምህርት አዳም ሲፈጠር የሠላሳ ዓመት ጎልማሳ ሆኖ ነው የተፈጠረው፤ ጌታችንም በሠላሳ ዓመቱ የተጠመቀው ለዚህ ነው ይባላል። ቄሱ ይህን አስረድተው ሌሎቹን በጣታቸው ቆጠሩ። ዮሴፍ በፈርዖን ፊት ሲቆም ሠላሳ ዓመቱ ነበር፣ ዳዊትም ሲነግሥ ሠላሳ ዓመቱ ነበር። «ከዚያ በፊት ዮሴፍ የት ነበር? ጉድጓድ ውስጥ፣ እስር ቤት ውስጥ። ዳዊትስ? በየዋሻው ሲሸሽ» አሉና ወደ ባለልደቷ ዞሩ፤ «አንቺ ዘገየሁ ትያለሽ አሉ፤ ከማን ነው የዘገየሽው?»

እሷ ሳቀች፤ በዚያ ቀን ለመጀመሪያ ጊዜ ከልቧ የሳቀችው ያኔ ይመስለኛል።

መንግሥትም የራሱ ቁጥር አለው። በ1996 ዓ.ም. የወጣው ብሔራዊ የወጣቶች ፖሊሲ ወጣት ያለው ከ15 እስከ 29 ዓመት ያለውን ነው። ጽሕፈት ቤቱ እዚሁ አዲስ አበባ የሆነው የአፍሪካ ኅብረት ባጸደቀው የወጣቶች ቻርተር ደግሞ ወጣትነት እስከ 35 ይዘልቃል። ሠላሳ ሁለት ዓመት የሞላት ሴት በአንዲት ከተማ ውስጥ በአንዱ ሰነድ ወጣትነቷን ጨርሳለች፣ በሌላው ሦስት ዓመት ቀርቷታል። በቦረና የገዳ ሥርዓት የመጀመሪያዎቹ የዕድሜ እርከኖች ስምንት ስምንት ዓመት ናቸው፤ ሠላሳ ሁለት ዓመት አራት እርከን ይሞላል፣ ኩሳ ከሚባለው እርከን ራባ ወደሚባለው የመሻገሪያው ድንበርም እዚያ ላይ ነው። የገዳ እርከን ልጁ ከአባቱ እርከን ባለው ርቀት የሚወሰን እንጂ በግል የልደት ቀን የሚሰላ ስላልሆነ፣ ሰው የሚሻገረው ከእኩዮቹ ጋር ነው። ብቻውን ተቀምጦ «ዘገየሁ ወይስ ቀደምኩ» የሚልበት ምክንያት የለውም። ይህ ደስ ይለኛል።

በከተማችን ግን ለሠላሳ ዓመት ሴት የተዘጋጀው ቃል ሌላ ነው። «ቆሞ ቀር» ይባላል። በልደት ግብዣ ላይ፣ ኬክ እየተጎረሰ፣ «መቼ ነው የምንበላው?» ይባላል። ወንዱንም «ጎጆ አልቀለስክም» ይሉታል። የሚሉት ሰዎች አብዛኞቹ ክፉ አይደሉም፤ ወግ ነው፣ ጨዋታ ነው። እኔ ግን ይህ ጨዋታ ቢቀር እላለሁ። ሰው በልደቱ ቀን የጎደለውን እንዲቆጥርለት ዘመድ መጥራት አያስፈልገውም፤ ሌሊቱን ብቻውን ሲቆጥረው አድሯል።

ታዲያ ምን ይባል? ለሕፃን ልደት «እደጊ» ይበቃል፤ ወደፊቱ ሁሉ ክፍት ነው። ለሽማግሌ ልደት «ያቆይልን» ይበቃል፤ ሥራው ታይቷል። በሠላሳዎቹ መጀመሪያ ያለ ሰው ግን ብዙ ነገር ሠርቷል፣ የሠራውም ገና ለራሱ አልታየውም። ስለዚህ የሚያስፈልገው ምስክር ነው፤ አብሮት የኖረ ሰው ቆሞ ያየውን እንዲናገርለት። ከምስክርነቱ ቀጥሎ ምርቃት ይምጣ።

የባለልደቷ ታናሽ ወንድም ያደረገው ይህንኑ ነው። ሻማው ከመጥፋቱ በፊት ተነሣ፣ ወረቀት አልያዘም፣ ድምፁም ትንሽ ይንቀጠቀጣል። «እኔ ዩኒቨርሲቲ ስገባ እሷ ሥራ ከጀመረች ገና ዓመቷ ነበር» አለ። «በየወሩ ብር ትልክልኝ ነበር። ከየት እንደምታመጣው ጠይቄ አላውቅም። ለካ የታክሲዋን እያስቀመጠች፣ ከአራት ኪሎ እዚህ ድረስ በእግሯ ትወጣ ነበር። ጎረቤት ነው የነገረኝ፣ እሷ አልነገረችኝም። እኔ ዛሬ ሥራ ይዤ የቆምኩት በዚያ እግር ነው። እንኳን ተወለድሽልኝ እኅቴ።»

ቤቱ ጸጥ አለ። ከዚያ አባቷ፣ ብዙ የማይናገሩ ሰው፣ «እኔ ስታመም ሌሊት የተነሣችው እሷ ናት» ብለው አንድ ዓረፍተ ነገር ጨመሩ። አብራት የተማረች ጓደኛዋ ፈተና ወድቃ ትምህርቷን ልትተው ስትል ቤቷ ድረስ መጥታ ደብተር እንዳስገለጠቻት ተናገረች። ከሥራ ቦታዋ የመጣች ወጣት ደግሞ ሥራውን ማን እንዳለማመዳት መሰከረች። እኔ ይህን እየሰማሁ ባለልደቷን አያት ነበር። ሳምንቱን ሙሉ ስትቆጥር ከከረመችው ዝርዝር ውስጥ ከእነዚህ አንዱም አልነበረበትም።

ምርቃቱን ያወረዱት የቅቤዋ እትዬ ናቸው። እጃቸውን ዘረጉ፤ ሁሉም እጁን ዘረጋ።

«ዕድሜሽን አላህ ከጤና ጋር ያድርገው።» «አሜን።» «ደጅሽ ሰው አይጣ፣ እጅሽ የሚሰጠው አይጣ።» «አሜን።» «የለፋሽበት ይባረክልሽ፤ የዘገየብሽ ካሰብሽው አምሮ ይምጣልሽ።» «አሜን።» «የጦርሻቸው ይመርቁሽ፣ ያሳደግሻቸው ይኩሩብሽ።» «አሜን!» «ዓመቱን ደግሞ እኛንም አቁሞ፣ እዚሁ በሳቅ ያገናኘን።» የመጨረሻው «አሜን» ግቢ ውስጥ የነበሩትን ልጆች ሳይቀር አስገባቸው፤ ኬኩም ተቆረሰ።

የልደት መልእክት በስልክ ለሚጽፍ ሰውም መንገዱ ይኸው ነው። ከሚዘዋወሩት የተዘጋጁ ካርዶች ይልቅ ያየኸውን አንድ ነገር ጻፍለት። «የዛሬ ሁለት ዓመት ሥራ ፈትቼ ሳለሁ በየሳምንቱ የደወልክልኝ አንተ ብቻ ነበርክ፤ እንኳን ተወለድክ።» «ልጄን ስወልድ ሦስት ሌሊት አብረሽኝ አደርሽ፤ ዘመንሽ ይባረክ።» እንዲህ ያለውን መልእክት ሰው አያጠፋውም፤ በከፋው ቀን ፈልጎ ያነብበዋል።

በአዲስ አበባ ልደትን ከቤት ውጭ ማክበርም እየተለመደ ነው። ወደ መቄዶንያ የአረጋውያንና የአእምሮ ሕሙማን መርጃ ሄደው ምሳ የሚያበሉ፣ ከአረጋውያኑ ጋር ሻማ የሚያበሩ ብዙዎች ናቸው። ደም የሚለግሱም አሉ። የሽሮ ሜዳዋ ባለልደት የመረጠችው ይህንን ነው። ያን ዕለት ማታ ሳህን እያጠበች፣ የእናቷ የደም ነገር ከሐሳቧ አልወጣ አላት። ከወሊድ በኋላ የሚፈስ ደም እስከ ዛሬም እናቶችን ከሚገድሉት ዋና ምክንያቶች አንዱ ነው፤ ለእነዚህ እናቶች የሚደርሰው ከማቀዝቀዣ የሚወጣው የማያውቁት ሰው ደም ነው። ደም የሚለግስ ሰው ዕድሜው ከ18 እስከ 65፣ ክብደቱ ቢያንስ 45 ኪሎ፣ ጤናውም የተሟላ መሆን አለበት። የአንድ ሰው ደም ሲለያይ እስከ ሦስት ሰው ሊረዳ ይችላል።

በሳምንቱ ቅዳሜ ደም ባንክ ሄደች። ባለሙያዋ ግፊቷን ለክታ፣ ጣቷን ወግታ፣ ዕድሜዋን ስትጠይቃት «ሠላሳ ሁለት» አለቻት። ተኝታ ኳሷን እየጨበጠች እየለቀቀች ሳለ እናቷ ደወሉ፤ የጾም ምሳ ሠርተው እየጠበቋት ነው። ደም የሰጠ ሰው ሦስት ወር ሲሞላው እንደገና መስጠት ይችላል። ሦስተኛው ወር ግንቦት ላይ ይሞላ ነበር፣ የወንድሟም ልደት በግንቦት ነው፤ አብረው ሊሄዱ ተነጋገሩ፣ እሱም ከመሥሪያ ቤቱ አራት ጓደኞቹን አስመዘገበ።